ጉስታቭ ሆሎውቤክ፦ ከተጻፈው ሳይወጣ መንግሥትን ያስደነገጠው ተዋናይ

የፖላንድ የ1968 ቀውስ ሲነሳ ወሬው የሚጀምረው ከቲያትር ቤት ነው። በዚያ ዓመት ተማሪዎች ተደብድበዋል። መምህራን ከዩኒቨርሲቲ ተባረዋል። በሺዎች የሚቆጠሩ አይሁዶች አገር ጥለው ወጥተዋል። የዚህ ሁሉ ሰበብ አንድ ቲያትር ነበር። ያውም አዲስ የተጻፈ የተቃውሞ ሥራ አይደለም። «ጃዲ» የሚባል፣ ከመቶ ዓመት በላይ ያስቆጠረ፣ በየትምህርት ቤቱ የሚጠና የግጥም ተውኔት ነው።

ብዙ ጊዜ ታሪኩ እንዲህ ይወራል፦ አንድ ደፋር ተዋናይ መድረክ ላይ ወጥቶ ሶቪየቶችን ልክ ልካቸውን ነገራቸው፤ መንግሥትም ተናዶ ቲያትሩን ዘጋ። ሲያወሩት ደስ ይላል። ግን እንደዚያ አልነበረም። ተዋናዩ ጉስታቭ ሆሎውቤክ የተናገረው ገጣሚው የጻፈውን ነው። ቲያትሩም የተዘጋጀው የሩሲያ የጥቅምት አብዮት 50ኛ ዓመት በሚከበርበት ፕሮግራም ውስጥ ነበር። ታዲያ እንዴት እዚያ ተደረሰ? ይህን ለመረዳት የሰውየውን የሥራ ዘመን ከሥር መከተል ይሻላል። (ቀኑም ዓመተ ምሕረቱም ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።)

ሰውየው ማን ነበር?

ሆሎውቤክ በ1923 ክራኩፍ ከተማ ተወለደ። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት በ1939 ሲጀመር ገና የ16 ዓመት ልጅ ነበር። በፈቃደኝነት ዘመተና ተማረከ፤ በጀርመኖች የምርኮኛ ካምፕ ታሰረ። ከተፈታ በኋላ የወረራውን ዘመን ክራኩፍ ውስጥ እየሠራ አሳለፈ። ጦርነቱ ሲያልቅ ትወና ተማረ፤ በ1947 ተመርቆ እዚያው ክራኩፍ መድረክ ላይ ወጣ።

ከዚያ የድንጋይ ከሰል ማዕድን አካባቢ ወደሆነችው ካቶቪጼ ሄዶ ለዓመታት ሠራ። ዋና ከተማዋ ዋርሶ የገባው በ1950ዎቹ መጨረሻ፣ ሠላሳዎቹን እያጋመሰ ሳለ ነው። በዘመኑ መለኪያ ዘግይቷል ማለት ይቻላል። ግን እንደገባ ዋርሶ አወቀችው።

የፊልም ኮከብ መልክና ቁመና አልነበረውም። ቀጭን፣ ሲጋራ ከእጁ የማይለይ፣ ዓይኑ ትንሽ የደከመው የሚመስል ሰው ነበር። ያለው ድምፅ ነው። ከድምፁም ይልቅ ዝምታው። አንድ ዓረፍተ ነገር ይጀምርና መሃል ላይ ቆም ይላል። ተመልካቹ ቃሉ የጠፋበት ይመስለዋል። ከዚያ የሚቀጥለው ቃል አሁን ገና እንደታሰበ ሆኖ ይወጣል። አይጮህም፣ እጁን አያወናጭፍም። ተቺዎች «ሆሎውቤክ ሁልጊዜ የሚጫወተው ሆሎውቤክን ነው» ይሉት ነበር። ሐሜቱ እውነትነት ነበረው። ሕዝቡም ትኬት የሚቆርጠው ለዚሁ ነበር።

በዚያ ዘመን ፖላንድ ውስጥ ተዋናይ መሆን ምን ማለት ነበር?

ይህን ሳያውቁ የቀረውን መረዳት ይከብዳል። በኮሚኒስት ፖላንድ ቲያትር ቤቱ የመንግሥት ነው። የትወና ትምህርት ቤቱም፣ ፊልም የሚሠሩት ቡድኖችም፣ ቴሌቪዥኑም የመንግሥት ናቸው። አንድ ልጅ ከትወና ትምህርት ቤት ሲመረቅ እንደማንኛውም ሠራተኛ በአንድ ቲያትር ቤት በቋሚነት ይቀጠራል። ወርሃዊ ደመወዝ አለው። ቲያትር ቤቱ አንድ ተውኔት ለወራት ብቻውን አያሳይም፤ የተለያዩ ሥራዎችን እያፈራረቀ ነው የሚያሳየው። ስለዚህ ተዋናዩ ዛሬ ንጉሥ፣ ነገ ሰካራም፣ ከነገ ወዲያ ዳኛ ይሆናል። ጠዋት ልምምድ፣ ማታ መድረክ። በመሃል ፊልም ቀረጻ ካለ ይሮጣል።

ሰኞ ማታ ደግሞ የቴሌቪዥን ቲያትር አለ። በ1953 የተጀመረ ፕሮግራም ሲሆን ታላላቅ ተውኔቶችን ለአገሩ ሁሉ በነፃ ያሳይ ነበር። ቲያትር ቤት በሌለበት ትንሽ ከተማ የሚኖር ሰው ሆሎውቤክን ያወቀው በዚህ ነው። የፖላንድ ተዋንያን ክብር ከየት መጣ ለሚል አንዱ መልስ ይኸው ነው። መንግሥት ራሱ በየቤቱ አስገባቸው።

በዚህ ሁሉ ላይ ሳንሱር አለ። የሳንሱሩ መሥሪያ ቤት ዋርሶ ውስጥ ሚሻ በሚባል ጎዳና ላይ ነበር። ከ1946 እስከ 1990 ሠርቷል። ተውኔቱ ከመታየቱ በፊት ጽሑፉ ይታያል፤ ከዚያ ልምምዱ ይታያል። የማይመች ቃል ካለ ይወጣል። ዘዴው ግን ቀዳዳ ነበረው። ሳንሱር ቃልን መሰረዝ ይችላል። ተዋናዩ በሁለት ቃል መካከል ምን ያህል ዝም እንደሚል፣ ተመልካቹም ያንን ዝምታ በምን እንደሚሞላው መቆጣጠር ግን አይችልም።

«ጃዲ» ምንድን ነው?

«ጃዲ» በፖላንድ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ ከታላላቆቹ አንዱ ነው። የጻፈው አዳም ሚትስኪየቪች (1798–1855) ነው። ስሙን ያገኘው የሙታንን ነፍስ ጠርቶ ከማብላትና ከማጠጣት የቆየ የገጠር ሥርዓት ነው። ለኛ ታሪክ ዋናው በ1832 የታተመው ሦስተኛው ክፍል ነው።

በዚያን ጊዜ ፖላንድ የምትባል አገር በካርታ ላይ የለችም። ሩሲያ፣ ፕሩሲያና ኦስትሪያ በ18ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ተካፍለዋታል። ሦስተኛው ክፍል የሚተርከው በሩሲያ ንጉሠ ነገሥት (ዛር) አገዛዝ ቪልኒየስ ከተማ ላይ ስለታሰሩ ወጣቶች ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ መጀመሪያ ጉስታቭ ይባላል፤ በፍቅር የተጎዳ ወጣት ነው። እስር ቤት ውስጥ ያ ማንነቱ ይሞትና ኮንራድ ሆኖ ይነሳል። ከዚያ በኋላ የሚያስበው ስለ አገሩ ነው።

አንድ ሌሊት ኮንራድ ብቻውን ክፍሉ ውስጥ ከእግዚአብሔር ጋር ሙግት ይገጥማል። ሕዝቤ ለምን ይሰቃያል ይላል። በነፍሶች ላይ ሥልጣን ስጠኝ ይላል። መልስ የለም። እየተናደደ፣ እየተናደደ ይሄድና በመጨረሻ «አንተ የዓለም አባት አይደለህም፤ አንተ...» ብሎ ቃሉ አፉ ላይ ይቀራል። የጎደለውን ቃል የሚሞላው ዲያብሎስ ነው፦ «ዛር!»

ይህን ንግግር መጫወት ለፖላንድ ተዋናይ የመጨረሻው ፈተና ነው። አብዛኞቹ እየጮኹ ነበር የሚሉት። ሆሎውቤክ ግን አሰበው። ቃል በቃል እንደሚከራከር ጠበቃ።

እና በ1968 ምን ተፈጠረ?

አዘጋጁ ካዚሚየሽ ዴይሜክ ይባላል፤ የገዢው ኮሚኒስት ፓርቲ አባል ነበር። ቲያትሩ በዋርሶ ብሔራዊ ቲያትር በኅዳር 25 ቀን 1967 ተከፈተ። ሆሎውቤክ ጉስታቭን እና ኮንራድን ይጫወታል። እጁ በሰንሰለት ታስሮ መድረኩ ላይ የሚታይበት ፎቶግራፍ እስከ ዛሬ የዚያ ዝግጅት መለያ ነው።

ከመጀመሪያዎቹ ቀናት ጀምሮ አዳራሹ ባልተጠበቀ ቦታ ላይ ማጨብጨብ ጀመረ። በተለይ አንድ ቦታ ላይ። ከሞስኮ ወደ ፖላንድ አንድ ምዕተ ዓመት ሙሉ የሚላከው የወሮበላ መንጋ ብቻ ስለሆነ ቢረግሙን አይገርምም የሚል ሐሳብ ያለው ስንኝ አለ። አስቂኙ ነገር፣ ስንኙን የሚናገረው ፖላንዳዊ አይደለም። በግብዣ ላይ ያለ የሩሲያ መኮንን ነው፤ የራሱን መንግሥት እያማ። ሚትስኪየቪች ይህን ሲጽፍ ሌኒን አልተወለደም። የ1967 ተመልካች ግን «ከሞስኮ» የሚለውን ሲሰማ የሚያስበው ስለ ዛሩ አልነበረም።

እኛ ይህን ነገር ለመረዳት ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም፤ ሰምና ወርቅ ነው። አንድ ልዩነት ግን አለው። በኛ ቅኔ ወርቁን የሚቀብረው ባለቅኔው ነው፤ ሰሚው ቆፍሮ ያወጣዋል። እዚህ ግን ባለቅኔው ከሞተ መቶ ዓመት አልፎታል። ወርቁን ያስገባው አዳራሹ ውስጥ የተቀመጠው ሕዝብ ነው። ሳንሱር የሚሰርዘው ምን ሊሆን ነው? ጽሑፉ በመማሪያ መጽሐፍ ላይ አለ። የሚሰረዘው ጭብጨባው ነበር።

ባለሥልጣናቱ ተደናገጡ። ቲያትሩ ጥር 30 ቀን 1968 ለመጨረሻ ጊዜ እንደሚታይ ተነገረ። ያን ማታ ተማሪዎች አዳራሹን አጨናነቁት። ዝግጅቱ ሲያልቅ የዴይሜክን ስም እየጠሩ ጮኹ፤ «ነፃነት ያለ ሳንሱር!» አሉ። ከዚያ ሦስት መቶ ያህል ሰዎች ከአዳራሹ ወጥተው አካባቢው ወዳለው የሚትስኪየቪች ሐውልት ሄዱ። የያዙት ጨርቅ ላይ የተጻፈው ጥያቄ ቲያትሩ ይቀጥልልን የሚል ነው። ፖሊስ መጥቶ በዱላ በተናቸው፤ የተወሰኑትንም አሰረ።

ሁለት ተማሪዎች፣ አዳም ሚኽኒክ እና ሄንሪክ ሽላይፈር፣ የሆነውን ለፈረንሳይ ጋዜጠኞች ነገሩ። ከዋርሶ ዩኒቨርሲቲ ተባረሩ። መጋቢት 8 ቀን ጓደኞቻቸው ይህን በመቃወም በግቢው ተሰበሰቡ፤ ሚሊሻና በአውቶቡስ የመጡ «ሠራተኞች» ደበደቧቸው። ተቃውሞው ወደ ሌሎች ከተሞች ዘለቀ።

ይኸን ሁሉ ቲያትሩ አመጣው ማለት ነው?

አይደለም። ቲያትሩ ሰበብ እንጂ ምክንያት አልነበረም። ጸሐፊዎችና ተማሪዎች በሳንሱር ከተማረሩ ቆይተዋል። ፓርቲው ውስጥ የሥልጣን ሽኩቻ ነበር። ከ1967ቱ የአረብና የእስራኤል ጦርነት በኋላ ደግሞ «ጽዮናዊነትን መዋጋት» በሚል ሽፋን በአይሁዶች ላይ ዘመቻ ተጀምሮ ነበር። ተቃውሞው ሲነሳ ጥፋቱ በእነርሱ ላይ ተላከከ። ሰዎች ከሥራቸው ተባረሩ፣ ዜግነታቸውን ትተው እንዲሄዱ ተገፉ። በቀጣዮቹ ጥቂት ዓመታት 13 ሺህ ወይም ከዚያ በላይ ሰዎች እንደወጡ ይገመታል።

የፓርቲው መሪ ቭዋዲስዋቭ ጎሙውካ መጋቢት 19 ቀን ለፓርቲ አባላት ባደረገው ንግግር ላይ ስለ «ጃዲ» በዝርዝር አነሳ። ቦታው ዋርሶ መሃል ያለው ግዙፉ የባህልና የሳይንስ ቤተ መንግሥት ነው፤ ስታሊን ለፖላንድ የሰጠው ስጦታ። የአንድ አገር መሪ በእንዲህ ያለ ቀውስ መሃል ስለ ተውኔት ቆሞ ሲያብራራ ማየት ይገርማል። ቲያትር ምን ያህል ይፈራ እንደነበር ከዚህ በላይ ማስረጃ የለም።

ዴይሜክ ከፓርቲው ተባረረ፤ የብሔራዊ ቲያትር ኃላፊነቱንም አጣ። ሆሎውቤክ ግን መሥራቱን ቀጠለ። በኔ ግምት ምክንያቱ ቀላል ነው። ኃላፊ በደብዳቤ ይነሳል። በየቤቱ የሚታወቅ ፊት ግን ሲጠፋ ሰው ይጠይቃል።

በፊልምስ?

ሆሎውቤክ ፊልም ላይ ሁለት ሦስት ነገር ብቻ ቢሠራ ኖሮ እንኳ ስሙ አይረሳም ነበር። አንደኛው «ሸምቀቆ» ነው፤ በ1958 በቮይቼክ ሃስ ተዘጋጀ። ለዳይሬክተሩ የመጀመሪያው ረጅም ፊልም ነው። ታሪኩ የአንድ ቀን ነው። መጠጥ ለመተው የወሰነ ሰው ወደ ሕክምና የሚሄድበት ሰዓት እስኪደርስ ይጠብቃል። ሰዓቱ አይሄድም። ስልኩ ይጮሃል፤ የሰሙ ወዳጆች እንኳን ደስ ያለህ ይሉታል፣ ያደክሙታል። ሆሎውቤክ ሰካራምን እየተንገዳገደ አይጫወትም። ላለመንገዳገድ የሚታገልን ሰው ነው የሚጫወተው።

ከሃስ ጋር ሌሎችም ሠርቷል። በ1965ቱ «በሳራጎሳ የተገኘው የእጅ ጽሑፍ» እና በ1973 በካን የፊልም ፌስቲቫል የዳኞች ሽልማት ባገኘው «የአሸዋ ሰዓት ሳናቶሪየም» ላይ አለ። በ1964 ደግሞ «ሕግና ቡጢ» በሚል ፊልም ጠመንጃ ይዟል። ከጦርነቱ ማግስት ከጀርመን በተወሰደ መሬት ላይ ባለች ባዶ ከተማ ውስጥ ዘራፊዎችን ብቻውን የሚገጥም ሰው ሆኖ። ካውቦይ ፊልም ነው ማለት ይቻላል። አሳቢ ተብሎ የሚታወቅ ሰው ሽጉጥ ሲተኩስ ማየት ለየት ይላል፤ ፖላንዶችም ወደውታል።

ያም ሆኖ በፊልም ከሄድን የዘመኑ ኮከብ ዝቢግኒየቭ ጺቡልስኪ ነው፤ ጥቁር መነጽር ያደረገው፣ በ1967 የሚሄድ ባቡር ላይ ልሳፈር ሲል የሞተው። የሆሎውቤክ ቤት መድረክ ነበር።

ደመወዙን እየበላ እንዴት ተቃዋሚ ሆነ?

ሆሎውቤክ በተለምዶ በምንለው መንገድ ተቃዋሚ አልነበረም። በ1972 የድራማቲችኒ ቲያትር ኃላፊ ሆነ። ይህ ቲያትር ቤት ጎሙውካ ከተናገረበት ከዚያው ከስታሊን ስጦታ ሕንፃ ውስጥ ነው ያለው። የአገሩን ምርጥ ተዋንያን ሰብስቦ ዋርሶ ውስጥ ከሚወራላቸው ቲያትር ቤቶች አንዱ አደረገው። የተዋንያን ማኅበሩን መርቷል። ከ1976 ጀምሮ ደግሞ የፓርላማ አባል ነበር። በዚያ ፓርላማ ማን እንደሚገባ የሚወስነው ፓርቲው መሆኑን ሁሉም ያውቃል።

አንዳንዱ ይህን እንደ መላላት ያየዋል። ክርክሩ ፍትሐዊ ነው። ግን ከመንግሥት ቲያትር ውጪ ምርጫ አልነበረም፤ ሌላ ቲያትር የለማ። ጥያቄው ውስጥ ሆነህ እስከ የት ትሄዳለህ የሚል ነበር። መልሱ በታኅሣሥ 1981 መጣ።

ወታደራዊው አዋጅ ሲታወጅ ተዋንያን ምን አደረጉ?

ታኅሣሥ 13 ቀን 1981 ጄኔራል ያሩዜልስኪ ወታደራዊ አዋጅ አወጀ። የሶሊዳርኖሽች የሠራተኞች ንቅናቄ መሪዎች ታሰሩ። ዜና አንባቢዎች የወታደር ልብስ ለብሰው ቀረቡ። ቲያትር ቤቶች ለሳምንታት ተዘጉ።

ሲከፈቱ ተዋንያኑ አንድ ነገር አደረጉ፦ በመንግሥት ቴሌቪዥንና ሬዲዮ አንሠራም አሉ። መድረክ ላይ እንወጣለን፣ ስቱዲዮ አንገባም። ይህ ቀላል አልነበረም። ቴሌቪዥን ጥሩ የሚከፍለው ቦታ ነው፣ ስምም የሚገኘው እዚያ ነው። ብዙዎች በአብያተ ክርስቲያናትና በሰው ሳሎን ግጥም እያነበቡ፣ ትንንሽ ተውኔት እያሳዩ ቆዩ። እምቢታው እስከ 1982 መጨረሻ ገደማ ዘለቀ።

ሕዝቡም ተከታትሎ ይቆጣጠር ነበር። በሬዲዮ አዋጁን የደገፈ አንድ ታዋቂ ተዋናይ መድረክ ላይ ሲወጣ አዳራሹ ማጨብጨብ ጀመረ። አጨበጨበ፣ አጨበጨበ፣ አላቆም አለ። ሰውየው አፉን በከፈተ ቁጥር ጭብጨባው ይበረታል። መናገር አልቻለም። ማንም አልሰደበውም፣ ማንም በሕግ የሚያስጠይቅ ነገር አላደረገም። አሥራ አራት ዓመት ቀድሞ ባለሥልጣናቱን ያስደነገጠው ጭብጨባ አሁን ቅጣት ሆኖ መጣ።

ሆሎውቤክ በ1982 የፓርላማ ወንበሩን ለቀቀ። የተዋንያኑ ማኅበር በዚያው ዓመት መጨረሻ በመንግሥት ፈረሰ። ድራማቲችኒንም አጣው፤ ለዓመታት የገነባው ቡድን ተበተነ። በ1968 ያልደረሰበት ነገር አሁን ደረሰበት።

ከዚያስ?

ሰኔ 4 ቀን 1989 ፖላንድ በከፊል ነፃ የሆነ ምርጫ አካሄደች። ለሴኔት ከቀረቡት 100 ወንበሮች ሶሊዳርኖሽች 99ኙን ወሰደ። ከተመራጮቹ አንዱ ሆሎውቤክ ነበር። እስከ 1991 ሴናተር ሆኖ አገለገለ።

በዚያው በ1989 ደራሲው ታዴውሽ ኮንቪትስኪ «ላቫ» የሚል ፊልም አወጣ። ኮንቪትስኪ የቅርብ ጓደኛው ነው፤ ለዓመታት ዋርሶ ውስጥ አንድ ካፌ ላይ፣ አንድ ጠረጴዛ ዙሪያ አብረው ተቀምጠው አውርተዋል። ፊልሙ «ጃዲ» ነው። ወጣቱን ጉስታቭ-ኮንራድ አንድ ወጣት ተዋናይ ይጫወተዋል። ያንን ትልቁን ከእግዚአብሔር ጋር ሙግት ግን የሚያቀርበው ሆሎውቤክ ነው፤ በስልሳ ስድስት ዓመቱ። በ1967 የተናገረው የሚቆጣ እስረኛ ነበር። እዚህ የሚናገረው ብዙ ያየ ሽማግሌ ነው። ሁለቱ አንድ ጽሑፍ ናቸው ብሎ ለማመን ያስቸግራል። ሆሎውቤክን ጨርሶ የማያውቅ ሰው ከዚህ ትዕይንት ቢጀምር ጥሩ ነው፤ ፖላንድኛ ባይሰማም ዝምታዎቹ ይገቡታል።

ከ1996 ጀምሮ የዋርሶውን አቴኔውም ቲያትር መርቶ፣ መጋቢት 6 ቀን 2008 በ84 ዓመቱ አረፈ።

«ጃዲ» ዛሬም ያጣላል?

ያጣላል። ኅዳር 2021 ሆሎውቤክ ሥራ በጀመረባት በክራኩፍ፣ የስዎቫትስኪ ቲያትር አዲስ ዝግጅት አቀረበ። ኮንራድን የተጫወተችው ሴት ናት። በዝግጅቱ ውስጥ ቤተ ክርስቲያንንና የወቅቱን ፖለቲካ የሚነካ ነገር ታይቷል። የክልሉ የትምህርት ኃላፊ ትምህርት ቤቶች ተማሪዎችን ይዘው እንዳይሄዱ መከሩ። ሳንሱር ከተሻረ ሠላሳ ዓመት አልፎታልና ቲያትሩን ማስቆም አልተቻለም። ትኬቱም ተሻምቶ አለቀ።